ከአንድ ኮሎኒ እስከ ሙሉ ጂኖም፦ በጎንደር ቤተ ሙከራ የኢ. ኮላይን ጂኖም የማንበብና ካርታውን የማንሳት ዝርዝር መመሪያ

ከሽንት ናሙና የበቀለ ኢ. ኮላይ የተባለ ባክቴሪያ ሴፍትሪያክሶን የተባለውን መድኃኒት ተቋቁሞ በማብቀያ ሳህኑ ላይ ሲታይ፣ በመድኃኒቱ ወረቀት ዙሪያ ያለው ክብ መጥበቡ የሚነግረን መድኃኒቱ እንደማይሠራ ብቻ ነው። መቋቋሚያው ጂን በዋናው ክሮሞሶም ላይ ይቀመጥ ወይስ ከባክቴሪያ ወደ ባክቴሪያ በሚተላለፍ ፕላዝሚድ (ከክሮሞሶሙ የተለየ ትንሽ ክብ ዲኤንኤ) ላይ፣ ከጎኑስ የትኞቹ ሌሎች የመቋቋሚያ ጂኖች አብረውት ይጓዙ እንደሆነ ሳህኑ አያሳይም። ይህን ለማወቅ የባክቴሪያውን ጂኖም (ሙሉ ዲኤንኤውን) ከዳር እስከ ዳር ማንበብና በላዩ ላይ የጂኖቹን ቦታ ማመልከት ያስፈልጋል። መመሪያው የተጻፈው ተራ የማይክሮባዮሎጂ ቤተ ሙከራ፣ ሚናዮን የተባለው ዲኤንኤ የሚያነብ የኦክስፎርድ ናኖፖር ትንሽ ማሽንና አንድ ጠንካራ ኮምፒውተር ላለው ሰው ነው።

ትልቁ የመመሪያው ክፍል ስለ ማሽኑ እንዳልሆነ አስቀድሜ ልናገር። ጂኖሙ ሙሉ ሆኖ መውጣቱ በአብዛኛው የሚወሰነው ማሽኑ ከመከፈቱ በፊት፣ ዲኤንኤው ሳይሰባበር ከሴሉ በመውጣቱ ነው። ምክንያቱን ካልተረዱት ግን ከዚህ በታች ያሉት ጥንቃቄዎች ሁሉ የባለሙያ አጉል ልማድ ይመስላሉ።

ርዝመት ለምን ወሳኝ ሆነ?

ስድሳ የመዝሙረ ዳዊት ቅጂዎች ተቀዳደው ቁርጥራጮቻቸው በአንድ ቁና ውስጥ ተደባልቀዋል እንበል። እያንዳንዱ ቅጂ የተቀደደው በተለያየ ቦታ ስለሆነ፣ የአንዱ ቁራጭ መጨረሻ ከሌላው ቁራጭ መጀመሪያ ጋር የሚጋራውን ቃል እየፈለጉ አንዱን ሙሉ መጽሐፍ መልሶ ማሰባሰብ ይቻላል። መዝሙር 135 ላይ ሲደርሱ ግን «እስመ ለዓለም ምሕረቱ» የሚለው ሐረግ በየስንኙ መጨረሻ ይደጋገማል። በእጅዎ ያለው ቁራጭ ይህን ሐረግ ብቻ የያዘ ከሆነ ከየትኛው ስንኝ እንደተቀደደ የሚያውቁበት መንገድ የለም። ቁራጩ ከሐረጉ ፊትና ኋላ ያሉትን ቃላትም ከያዘ ግን ቦታው ወዲያው ይታወቃል።

የኢ. ኮላይ ጂኖምም እንዲሁ ነው። የራይቦዞም አርኤንኤን የሚያዘጋጁት የጂን ስብስቦች እያንዳንዳቸው 5,000 ቤዝ (የዲኤንኤ ፊደል) ያህል ርዝመት አላቸው፤ በክሮሞሶሙ ላይም አንድ ዓይነት ሊባሉ በሚችሉ ሰባት ቅጂዎች ተበትነዋል። ከዚህ በተጨማሪ ከቦታ ወደ ቦታ የሚዘሉ አጫጭር ተደጋጋሚ ክፍሎች አሉ፤ የመድኃኒት መቋቋሚያ ጂኖች የሚገኙትም ብዙውን ጊዜ በእነዚሁ ዘላዮች መካከል ነው። በአንድ ጊዜ 150 ቤዝ ያህል ብቻ የሚያነብ ዘዴ እጅግ ትክክለኛ ፊደል ሊሰጥ ይችላል፤ ነገር ግን ድግግሞሹን መሻገር ስለማይችል ስፌቱ (ቁርጥራጩን የማገጣጠሙ ሥራ) የሚበጠሰው ከሁሉ ይልቅ ልናየው በፈለግነው ጂን ዳርና ዳር ነው። ናኖፖር ዲኤንኤውን በፕሮቲን ቀዳዳ እያሳለፈ የኤሌክትሪክ ጅረቱን መለዋወጥ ስለሚያነብ፣ የንባቡ ርዝመት የሚገደበው እኛ ባቀረብንለት ዲኤንኤ ርዝመት ነው። አሥር ሺህ ቤዝ ከሰጡት አሥር ሺህ ያነባል፤ ተሰባብሮ ከደረሰው ደግሞ ስብርባሪውን ያነባል።

ደረጃ 1፦ ፈቃድና ጥያቄ

ናሙናው ከታካሚ የመጣ ከሆነ የሥነ ምግባር ኮሚቴ ፈቃድ ከሁሉ ይቀድማል፤ የታካሚው ስምም ከመጀመሪያው ቀን ጀምሮ በኮድ ይተካ። ናሙናን ወይም ዲኤንኤን ወደ ውጭ አገር መላክ ካስፈለገ የናሙና ማስተላለፊያ ስምምነት ያስፈልጋል። ሥራው ወደ ዕፅዋት፣ ለምሳሌ ወደ ጤፍ ወይም ወደ ኑግ የሚሻገር ከሆነ ስለ ጄኔቲክ ሀብት አርክቦት የወጣውን አዋጅ ቁጥር 482/1998 አስቀድሞ ማንበብ ይገባል።

ደረጃ 2፦ ንጹሕ ዘር ማብቀል

ባክቴሪያውን በማኮንኪ አጋር ላይ ጭረው በ37 ዲግሪ ሴልሺየስ ያሳድሩ፤ ከአንድ ብቻዋን ከቆመች ኮሎኒ (ከአንድ ሴል የተራባ ክምችት) ወስደው እንደገና ይጭሩ፤ ከዚያም አንዷን ኮሎኒ በ5 ሚሊ ሊትር ፈሳሽ ማብቀያ ውስጥ ያሳድሩ። ሁለት ዓይነት ባክቴሪያ የተደባለቀበት ካልቸር (በማብቀያ ያደገ ባክቴሪያ) በኋላ በኮምፒውተሩ ላይ የሚፈጥረው ውዥንብር በሳህን ላይ አንድ ቀን ከማባከን እጅግ ይከፋል። በሌላ በኩል ባክቴሪያውን ደጋግሞ ማዛወርም አይመከርም፤ መድኃኒት በሌለበት ማብቀያ ላይ ብዙ ጊዜ የተዛወረ ባክቴሪያ ፕላዝሚዱን ሊጥል ይችላልና። ከዚሁ ካልቸር ከፊሉን ከግሊሰሮል ጋር ቀላቅለው በ80 ዲግሪ ከዜሮ በታች ያስቀምጡ።

ስንት ሴል ይበቃል? የአንድ ቤዝ ጥንድ ክብደት በአማካይ 650 ዳልተን ነው፤ ስለዚህ 5 ሚሊዮን ቤዝ ያለው ጂኖም 5.4 ፌምቶግራም ያህል ይመዝናል። አንድ ቢሊዮን ሴል ይህን ያህል ቢሰጥ 5.4 ማይክሮግራም ይሆናል። ለአንድ ናሙና የሚያስፈልገን 200 ናኖግራም ብቻ ስለሆነ አንድ ሚሊ ሊትር ያደረ ካልቸር ከበቂ በላይ ነው። ለመጨመር መስገብገብ አያስፈልግም፤ ሴል ሲበዛ ዲኤንኤው እንደ ተልባ ይዝለገለጋል፣ ፕሮቲኑም በቀላሉ አይለቅም።

ደረጃ 3፦ ዲኤንኤውን ማውጣት

ብዙ ቤተ ሙከራዎች ለፒሲአር (ዲኤንኤን ለማባዛት) የሚጠቀሙበትን ባክቴሪያውን በውኃ ቀቅሎ ዲኤንኤ የማውጣት ዘዴ እዚህ አይጠቀሙ። ጎንደር ከባሕር ጠለል በላይ 2,100 ሜትር ገደማ ላይ ስለምትገኝ ውኃ የሚፈላው በ93 ዲግሪ አካባቢ ነው፤ «በ95 ዲግሪ ያሙቁ» የሚለው ትእዛዝ በውኃ ገንዳ ሊፈጸም አይችልም፤ የብረት ማሞቂያ ብሎክ የግድ ነው። ዋናው ችግር ግን ከፍታው አይደለም። ቅቅሉ ሁለቱን የዲኤንኤ ገመዶች ይለያያቸዋል፤ በደረጃ 5 የምንጠቀምበት ኤንዛይም ደግሞ የሚሠራው በጥንድ ገመድ ላይ ብቻ ነው። እኔ ራሴ የመጀመሪያውን ፍሎው ሴል (የንባብ ቀዳዳዎቹን የያዘውን፣ ማሽኑ ውስጥ የሚገባውን ክፍል) ያባከንኩት በዚህ ስሕተት ነበር፤ ናኖድሮፕ የተባለው በብርሃን የሚለካ መሣሪያ ብዙ ዲኤንኤ አለ ሲለኝ ደስ ብሎኝ ጫንኩት፣ ማሽኑ ግን ሌሊቱን ሙሉ ባዶ ቀዳዳ ሲቆጥር አደረ።

የሚሻለው ቀስ ብሎ ማሟሟት ነው። ሴሉን በሴንትሪፊውጅ ሰብስበው በቲኢ በፈር ካላሉት በኋላ ኤስዲኤስ (የሴሉን ሽፋን የሚያፈርስ ሳሙና መሰል ነገር) እና ፕሮቲኔዝ ኬ (ፕሮቲን የሚበላ ኤንዛይም) ጨምረው በ56 ዲግሪ ለአንድ ሰዓት ያቆዩት፤ ፈሳሹ ከደፈረሰበት ጠርቶ ሲዝለገለግ ሴሉ ፈርሷል ማለት ነው። በኅዳርና በታኅሣሥ ጠዋት የኤስዲኤሱ ጠርሙስ ነጭ ብናኝ ሠርቶ ቢያገኙት ተበላሸ ብለው አይጣሉት፤ ኤስዲኤስ ከ20 ዲግሪ በታች ይረጋል፤ በ37 ዲግሪ ሲሞቅ ተመልሶ ይጠራል። ከዚያ አርኤንኤውን የሚበላ ኤንዛይም ጨምረው በ37 ዲግሪ 30 ደቂቃ ይጠብቁ። ፕሮቲኑን በከፍተኛ የጨው ሙሌት አርግተው በሴንትሪፊውጅ ያውርዱት፤ የላይኛውን የጠራ ፈሳሽ ብቻ ወደ አዲስ ቲዩብ ያሻግሩ። ኢሶፕሮፓኖል ሲጨመርና ቲዩቡ በቀስታ ሲገለባበጥ ዲኤንኤው እንደተነደፈ ጥጥ ብቅ ይላል። በ70 በመቶ ኤታኖል ሁለት ጊዜ ካጠቡት በኋላ ለጥቂት ደቂቃ አንፍሰው፣ ድርቅ ሳይል በበፈር ውስጥ ሌሊቱን ያሟሙት። ኤታኖሉ ንጹሕ የቤተ ሙከራ ኤታኖል ይሁን፤ ለቁስል ማጽጃ የሚሸጠው አልኮል ሌላ ነገር የተጨመረበት ሊሆን ይችላል።

ከዚህ ደረጃ በኋላ ቲዩቡ ቮርቴክስ (ቲዩብ የሚያናውጥ ማሽን) ላይ አይቀመጥም፣ በኃይል አይናወጥም፣ በጠባብ ጫፍ አይመጠጥም። የፒፔቱን ጫፍ በንጹሕ መቀስ ቆርጠው አፉን ያስፉት። ማቀዝቀዝና ማቅለጥ መደጋገምም ይሰብረዋል፤ በሳምንቱ የሚሠሩበት ከሆነ በ4 ዲግሪ ማቆየት ይሻላል።

ደረጃ 4፦ መለካት

ናኖድሮፕና ኪዩቢት የሚለኩት አንድ ነገር አይደለም። ናኖድሮፕ ብርሃን የሚመጥጠውን ሁሉ፣ አርኤንኤንና ነጠላ ገመድን ጭምር ይቆጥራል፤ ስለዚህ ብዛትን ለማወቅ አይታመንም፤ ንጽሕናን ለማወቅ ግን ይረዳል። የ260 ለ280 ንጽጽር 1.8 አካባቢ፣ የ260 ለ230 ደግሞ ከ2.0 እስከ 2.2 ቢሆን መልካም ነው። ሁለተኛው ከዚህ ዝቅ ቢል ጨው ወይም አልኮል ቀርቷል ማለት ነውና እንደገና ይታጠብ። ብዛቱን በኪዩቢት ይለኩ፤ ከሚጣበቅበት ቀለም የተነሣ የሚቆጥረው ጥንድ ገመዱን ነው። ናኖድሮፕ ከኪዩቢቱ ብዙ እጥፍ የሚበልጥ ቁጥር ከሰጠ ናሙናውን አይጫኑ። ርዝመቱን ለማየት በ0.8 በመቶ አጋሮዝ ጄል ላይ ያስሩጡት፤ ወደ ላይ የተሰበሰበ ጥርት ያለ መስመር ጥሩ ነው፤ ወደ ታች እንደ ጭስ የተበተነ ከሆነ ወደ ደረጃ 3 ይመለሱ።

ደረጃ 5፦ ለማሽኑ ማዘጋጀት

እዚህ ላይ ፈጣኑን የባርኮድ ኪት እመርጣለሁ። ትራንስፖሴዝ የተባለው ኤንዛይም ዲኤንኤውን አልፎ አልፎ ቆርጦ በዚያው ቅጽበት መለያ ባርኮድ ስለሚለጥፍበት ሥራው በአንድ ሰዓት ገደማ ያልቃል። ሌላም ጥቅም አለው፤ ትናንሽ ፕላዝሚዶች ክብ ስለሆኑ ጫፍ የላቸውም፤ ጫፍ ፈልጎ የሚቀጥለው የሊጌሽን ዘዴ ሊያልፋቸው ይችላል፣ ትራንስፖሴዙ ግን ክቡን ራሱ ይከፍተዋል።

ከእያንዳንዱ ናሙና እኩል 200 ናኖግራም በ10 ማይክሮ ሊትር ወስደው የየራሱን ባርኮድ ይጨምሩ፤ በ30 ዲግሪ ሁለት ደቂቃ፣ በ80 ዲግሪ ሁለት ደቂቃ፣ ከዚያ በረዶ ላይ። ሁሉንም ቀላቅለው በማግኔት ቅንጣቶች ያጽዱ፤ ቅንጣቶቹ ከማቀዝቀዣ ወጥተው በክፍሉ ሙቀት 30 ደቂቃ መቆየታቸውን አይርሱ። በመጨረሻ ዲኤንኤውን ወደ ቀዳዳው የሚመራው አዳፕተር ይጨመራል። የኪቶቹ ይዘት ስለሚቀያየር መጠኑን ሁልጊዜ ከራሱ ከኪቱ ወረቀት ጋር ያመሳክሩ።

ደረጃ 6፦ መጫንና ማስነበብ

ፍሎው ሴሉ ከአዲስ አበባ በደረሰበት ቀን ይፈተሽ። በውስጡ 2,048 የቀዳዳ ቦታዎች አሉ፤ በአንድ ጊዜ የሚያነቡት ግን 512 ናቸው። በፍተሻው ከ800 ያነሱ ንቁ ቀዳዳዎች ከተገኙ ከአምራቹ ዋስትና በታች ነው፤ ቀን ሳይፈጅ ያመልክቱ። እስኪሠራበት ከ2 እስከ 8 ዲግሪ ይቀመጥ፤ በረዶ ከነካው አልቆለታል።

በመጫን ጊዜ ጠላት አየር ነው። የመሙያውን ቀዳዳ ከፍተው በፒፔት 20 ማይክሮ ሊትር ያህል ወደ ኋላ ይሳቡ፤ አረፋ ካለ አብሮ ይወጣል። ከዚያ 800 ማይክሮ ሊትር ማዘጋጃ ፈሳሽ በዝግታ ያስገቡ፤ አምስት ደቂቃ ጠብቀው የናሙናውን ክዳን ይክፈቱና ሌላ 200 ማይክሮ ሊትር ይጨምሩ፤ በመጨረሻ 75 ማይክሮ ሊትሩን ናሙና ጠብታ በጠብታ ይጣሉት። ቀዳዳዎቹ በተደረደሩበት ገጽ ላይ ያለፈ አንድ አረፋ የነካቸውን ቀዳዳዎች በሙሉ ይገድላል።

ምን ያህል ይነበብ? ለእያንዳንዱ ናሙና 60 እጥፍ ሽፋን (እያንዳንዱ ቤዝ በአማካይ 60 ጊዜ መነበቡን) ብንፈልግ፣ 5 ሚሊዮን ሲባዛ በ60 ሲሆን 300 ሚሊዮን ቤዝ ይመጣል፤ ለ12 ናሙና 3.6 ቢሊዮን። በስሌት ብቻ ከሆነ 10 እጥፍ ሽፋን ከ5 ሚሊዮኑ ውስጥ ሳይነበብ የሚተወው ወደ 230 ቤዝ ያህል ነው፤ ነገር ግን ባርኮዶቹ እኩል አይከፋፈሉም፣ ስሕተትን ለማረምም አንዱን ቦታ ደጋግሞ ማንበብ ያስፈልጋል። አንድ ቀዳዳ በሴኮንድ 400 ቤዝ ያህል ያነባል፤ 400 ቀዳዳዎች ያለ ዕረፍት ቢሠሩ 3.6 ቢሊዮኑን ከስድስት ሰዓት ተኩል ባነሰ ጊዜ ይጨርሱታል። በተግባር ቀዳዳ ስለሚዘጋና ስለሚያርፍ ጊዜው እጥፍ ወይም ከዚያ በላይ ይሆናል፤ ቢሆንም ማሽኑን 72 ሰዓት ሙሉ ማስኬድ ግዴታ አይደለም።

ይህ ስሌት ለእኛ ከተማ ልዩ ትርጉም አለው። በክረምት መብራት ቶሎ ቶሎ ስለሚሄድ ሥራውን ማለዳ ጀምሮ የሚበቃው ሲገኝ ማቆም፣ ፍሎው ሴሉንም በማጠቢያ ኪት አጥቦ ለሌላ ዙር ማስቀመጥ ይቻላል። ማሽኑ ራሱ የሚፈልገው ኃይል ትንሽ ነው፤ ዩፒኤሱ የሚያስፈልገው ለኮምፒውተሩ ነው። የኮምፒውተሩ የእንቅልፍ ቅንብርና ራሱን በራሱ የማደስ ልማድ መዘጋታቸውን ያረጋግጡ፤ ከመብራት መጥፋት ይልቅ እኩለ ሌሊት ላይ ራሱን ያጠፋ ኮምፒውተር ብዙ ሥራ ሲያቋርጥ አይቻለሁ።

ደረጃ 7፦ ጅረቱን ወደ ፊደል መለወጥ

ዶራዶ የተባለው ፕሮግራም የኤሌክትሪኩን መለዋወጥ ወደ ኤ፣ ሲ፣ ጂ እና ቲ ይለውጣል። ሦስት የትክክለኛነት ደረጃዎች አሉት፤ ለስፌት የሚመረጠው ከፍተኛው ነው፤ እርሱ ግን ጠንካራ ግራፊክስ ካርድ ይጠይቃል። ካርድ ከሌለ በንባቡ ጊዜ ሂደቱን ለመከታተል ያህል ፈጣኑን ይጠቀሙ፤ ጥሬውን የፖድ5 ፋይል ጠብቀው ካርድ ባለበት ኮምፒውተር ላይ እንደገና ያስነብቡት። ጥሬውን ፋይል ቦታ ለመቆጠብ ብሎ ማጥፋት የሚያስቆጭ ስሕተት ነው፤ ፕሮግራሙ ሲሻሻል ያው የድሮ ጅረት የተሻለ ፊደል ይሰጣልና። ከዚያ ጥራታቸው ከ10 በታች የሆኑትንና ከ1,000 ቤዝ ያጠሩትን ንባቦች ያስወግዱ። ከዚህ በላይ ማጣራት ትናንሾቹን ፕላዝሚዶች አብሮ ያጠፋል።

ደረጃ 8፦ መስፋት

ፍላይ የተባለው ፕሮግራም ንባቦቹን እርስ በርስ አነጻጽሮ በመደራረባቸው ይሰፋቸዋል። ለአንድ ናሙና በተራ ኮምፒውተር ከአንድ ሰዓት ብዙም አይፈጅም። ውጤቱን በፋይሉ መጠን ብቻ አይመዝኑ፤ ግራፉን ባንዴጅ በተባለው መመልከቻ ከፍተው በዓይን ይዩት። የሚጠበቀው ከ4.6 እስከ 5.5 ሚሊዮን ቤዝ ያለው አንድ ትልቅ ክብና ከጎኑ አንድ ወይም ከዚያ በላይ ትናንሽ ክቦች ነው። ትልቁ ክብ ካልተዘጋና መስመሮቹ እንደ ተጠላለፈ ክር በአንድ ቋጠሮ ላይ ከተገናኙ፣ የቋጠሮውን ርዝመት ይመልከቱ፤ 5,000 ቤዝ አካባቢ ከሆነ የራይቦዞሙ ድግግሞሽ ነው፤ መድኃኒቱም ረዘም ያለ ዲኤንኤ እንጂ ሌላ ፕሮግራም አይደለም።

የእያንዳንዱን ክብ ሽፋንም ያነጻጽሩ። ክሮሞሶሙ 60 እጥፍ ተነብቦ ትንሹ ፕላዝሚድ 600 እጥፍ ቢነበብ፣ በአንድ ሴል ውስጥ አሥር ያህል ቅጂ አለው ማለት ይሆናል። የአንድ ትንሽ ፕላዝሚድ ርዝመት ከሚጠበቀው ልክ እጥፍ ሆኖ ከመጣ ፕሮግራሙ ክቡን ሁለት ጊዜ ዞሮት ሊሆን ስለሚችል፣ ፊደሉ ራሱን ይደግም እንደሆነ ይፈትሹ።

ደረጃ 9፦ ማረምና ለጂኖቹ ስም መስጠት

ናኖፖር አንድ ፊደል ተከታትሎ ሲደጋገም ቁጥሩን ይሳሳታል፤ ባክቴሪያው ሜቲል የተባለ ኬሚካላዊ ምልክት የለጠፈባቸው ቦታዎችም ያደናግሩታል። ሜዳካ የተባለው ፕሮግራም ንባቦቹን መልሶ በስፌቱ ላይ እያሳረፈ ያርማል። አንዲት ቤዝ ብትጎድል ጂኑ ከዚያ ነጥብ በኋላ ትርጉም ያጣል፤ ስለዚህ የእርማቱ ጥሩ መለኪያ የተቆራረጡ ጂኖች ብዛት ነው። ባክታ የተባለው ፕሮግራም ጂኖቹን ለይቶ ስም ሲሰጥ ከ4,300 እስከ 5,500 የሚደርሱ ጂኖች ቢያወጣ ጤናማ ነው፤ ብዙዎቹ በመሐል ተቆርጠው ከታዩ ግን ወደ ደረጃ 7 ተመልሶ ትክክለኛነቱን መጨመር ይገባል። የባክቴሪያውን ዘር ለመመደብ ሰባት የቤት አያያዝ ጂኖች (ለሴሉ የዕለት ተዕለት ኑሮ የሚያስፈልጉ) ይነጻጸራሉ፤ በዓለም ዙሪያ ከሽንት ቧንቧ ኢንፌክሽን ጋር ስሙ በብዛት የሚነሣው ዘር 131 የሚታወቀውም በዚህ ነው።

ደረጃ 10፦ ካርታውን ማንሳት

በታሪክ ካርታው ከንባቡ ቀድሟል። አልፍሬድ ስተርትቫንት እ.ኤ.አ. በ1913 በፍራፍሬ ዝንብ ክሮሞሶም ላይ ስድስት ጂኖችን ሲደረድር ዲኤንኤ የውርስ ተሸካሚ መሆኑ ገና አልታወቀም ነበር። የኢ. ኮላይ ካርታ ደግሞ የተሠራው በሰዓት ነው። ኤሊ ዎልማንና ፍራንስዋ ዣኮብ በ1950ዎቹ አንዱ ባክቴሪያ ለሌላው ዲኤንኤ ሲያሻግር በየደቂቃው እያቋረጡ የትኛው ጂን ቀድሞ እንደደረሰ መዘገቡ። ሙሉው ክሮሞሶም ለመሻገር 100 ደቂቃ ያህል ስለሚፈልግ ካርታው በ100 ደቂቃ ተከፈለ፤ ባላገር መንገድን በግማሽ ቀንና በአንድ ቀን እግር እንደሚለካው ማለት ነው። የኬ-12 (የቤተ ሙከራ ኢ. ኮላይ) ዘር ሙሉ ጂኖም እ.ኤ.አ. በ1997 ሲታተም 4.64 ሚሊዮን ቤዝ ሆኖ ስለተገኘ አንዱ ደቂቃ 46,000 ቤዝ ያህል ነው። ላክቶስን የሚያፈርሰው ጂን በድሮው ካርታ 8ኛው ደቂቃ ላይ ነበር፤ በፊደሉ ላይ የሚገኘው ከ363,000ኛው ቤዝ አለፍ ብሎ ነው። ፊደል ሳያዩ ይህን ያህል መቅረባቸው እስከ ዛሬ ይገርመኛል።

ይህ ካርታ ዛሬም ለስፌትዎ መፈተኛ ያገለግላል። የላክቶሱ ጂን (ላክ) በ8፣ ትሪፕቶፋንን የሚሠሩት ጂኖች በ28፣ ሂስቲዲንን የሚሠሩት በ45 ደቂቃ ላይ ናቸው፤ በእርስዎ ጂኖም ላይ ርቀቱ ቢለያይም ቅደም ተከተላቸው አብዛኛውን ጊዜ አንድ ነው። የዛሬ ፕሮግራሞች ክቡን የሚቆርጡት ዲኤንኤኤ በተባለው ጂን መጀመሪያ ስለሆነና ይህ ጂን በኬ-12 ካርታ ላይ ወደ ኋላ ስለሚነበብ፣ ቅደም ተከተሉ ተገልብጦ ሂስቲዲን ቀድሞ ቢመጣ አይደናገጡ። ትሪፕቶፋን በላክና በሂስቲዲን መካከል ካልተገኘ ግን የተጠረጠረውን መገጣጠሚያ ይፈትሹ።

ለዚህም ንባቦቹን ሚኒማፕ2 በተባለው ፕሮግራም በስፌቱ ላይ መልሰው ያሳርፏቸው፤ ሳምቱልስ በተባለው ደርድረው መገጣጠሚያውን አይጂቪ በተባለው መመልከቻ ይመልከቱ። ቦታውን ከዳር እስከ ዳር የሚሻገሩ ብዙ ረጃጅም ንባቦች ካሉ የቅደም ተከተሉ ለውጥ በባክቴሪያው ውስጥ በእርግጥ የተከሰተ ነው፤ ሁሉም እዚያው ላይ ቢቆረጡ ስፌቱ ተሳስቷል።

ንባብን በቀጥታ በኬ-12 ላይ ብቻ አሳርፎ ስፌትን መዝለል ጊዜ ይቆጥባል፤ እኔ ግን አልመክረውም። እ.ኤ.አ. በ2001 ኦ157 የተባለው በሽታ አምጪ ዘር ሲነበብ በኬ-12 ላይ ያልነበሩ 1,387 ጂኖች ተገኙበት፤ በ2002 ደግሞ የኬ-12፣ የኦ157 እና የአንድ የሽንት ቧንቧ ዘር ፕሮቲኖች ሲነጻጸሩ ሦስቱም የሚጋሩት 39.2 በመቶውን ብቻ ነበር። በማጣቀሻው ላይ የሌለ ጂን የሚያርፍበት ቦታ ስለሌለው ንባቡ ወደ «ያልተመደቡ» ክምር ይጣላል፤ ከሽንት ናሙናው የመጣው የመቋቋሚያ ጂንም የሚገኘው ምናልባት እዚያው ነው። ስለዚህ በቅድሚያ ይስፉ፤ ሲቲኤክስ-ኤም-15ን የመሰለ ሴፍትሪያክሶንን የሚያከሽፍ ጂን በየትኛው ክብ ላይ እንዳለ፣ በግራና በቀኙ የትኞቹ ዘላዮች እንደቆሙ ይመዝግቡ፤ የሁለት ታካሚዎችን ባክቴሪያ በነጠላ ፊደል ልዩነት ማነጻጸር ሲፈልጉ ብቻ፣ ከራስዎ ስፌቶች ጥሩውን ማጣቀሻ አድርገው ንባቦቹን በእርሱ ላይ ያሳርፉ።